በመቀስ ተረት የነገሩ ሴት

እኛ የነፋስ ስልክ ልጆች መብራት በጠፋ ማታ ሻማ አብርተን፥ በእጃችን ጥላ ግድግዳ ላይ ጅብና ጥንቸል እየሠራን ታናናሾቻችንን እናስቅ ነበር። እኛ የልጅ ጨዋታ ነው ብለን የተውነውን ነገር ሙያ አድርገው የኖሩ ሴት እንደ ነበሩ የተረዳነው ዘግይተን ነው። ስለዚህ ታሪካቸውን ባጭሩ ለአንባብያን ለማቅረብ ወደድን። ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ወይዘሮ ሎተ ራይኒገር በ1899 በርሊን ተወለዱ። ከልጅነታቸው ጀምረው ጥቁር ወረቀት በመቀስ እየቆረጡ ምስል ያወጡ፥ በጥላ ቲያትርም ቤተ ሰባቸውን ያጫውቱ ነበር። በ1918 ታዋቂው ተዋናይ ፓውል ቬገነር ስለ ሐመልን ከተማ አይጥ አጥማጅ ላዘጋጀው ፊልም፥ ከጽሑፎቹ ጋር የሚታዩትን የጥላ ሥዕሎች ሠሩለት።

በ1922 የሲንደሬላን ተረት በፊልም አወጡ። የጥላ ምስል ዓይንም ከንፈርም የለውም፤ በዚያን ዘመን ሲኒማም ድምፅ አልነበረውም። እንግዲህ የልጅቱ ኀዘን የሚታወቀው በአንገትዋ አደፋፍ፥ የእንጀራ እናትዋም ክፋት በእጅዋ አወናጨፍ ነው። ለዚህም ሲሉ የምስሉን መጋጠሚያዎች በቀጭን ሽቦ አያይዘው፥ ከሥሩ መብራት ባለው መስተዋት ላይ አጋድመው፥ በጥቂት በጥቂቱ እያንቀሳቀሱ ከላይ በካሜራ አንድ በአንድ ያነሱት ነበር። የአንድ ደቂቃ ትዕይንት አንድ ሺህ ያህል ፎቶግራፍ ይፈጃል።

በ1923 የጀርመን ገንዘብ ዋጋ ሲያጣ፥ ሉዊስ ሃገን የተባሉ ባለ ባንክ ገንዘባቸውን ጥሬ ፊልም ገዝተውበት ነበርና ፊልሙንም የሥራ ቦታውንም ፖትስዳም ላይ ሰጧቸው። ከባላቸው ከካርል ኮክና ከጥቂት ረዳቶች ጋር ሦስት ዓመት ደክመው፥ ከአንድ ሺህ አንድ ሌሊት ተረቶች የተውጣጣውን የልዑል አሕመድን ጀብዱ በ1926 አሳዩ። ሳይጠፉ ከቆዩት ረዥም የሥዕል ፊልሞች ሁሉ በዕድሜ የሚቀድመው ይህ ነው። ስሙ በዓለም የናኘው ዎልት ዲስኒ ስኖው ኋይትን ያወጣው ከ11 ዓመት በኋላ በ1937 ነው።

ናዚዎች ሥልጣን ከያዙ በኋላ ባልና ሚስቱ አገራቸውን ለቀው፥ ቋሚ የመኖሪያ ፈቃድ አጥተው ከአገር ወደ አገር ተንከራተቱ። ወይዘሮ ሎተ በጦርነቱ ጊዜ ሕመምተኛ እናታቸውን ለማስታመም ወደ በርሊን ተመለሱ። የፊልሙም ዋና ኔጋቲቭ በ1945 በበርሊን ውጊያ ጠፋ፤ ዛሬ የምናየው ለንደን ውስጥ ከተረፈ ቅጂ የታደሰው ነው። በ1949 ወደ ለንደን ተሻግረው ብዙ ተረት ለቴሌቪዥን ሠሩ። በ1981 በ82 ዓመታቸው አረፉ።

እኛ ዘንድ ተረት ሞልቷል፤ ይሁን እንጂ አያቶቻችን ይዘውት እያለፉ ነው። በፊልም እናስቀረው ሲባል ገንዘብ የለም፥ መሣሪያ የለም እንላለን። የእኒህ ሴት መሣሪያ መቀስ፥ ጥቁር ወረቀት፥ መስተዋትና መብራት ነበር። የጎደለን መቀስ ነው ወይስ ትዕግሥት? አንባቢ ራሱ ይፍረድ።