ዓሊ ሙስጠፋ ሙሸረፋ፦ ሳይንስን በአገሩ ቋንቋ የጻፈ የፊዚክስ ሊቅ

በውጭ አገር የምንማር ሁሉ ዲግሪያችንን ይዘን ስንመለስ አንድ ጥያቄ ይጠብቀናል፤ ይኸውም በባዕድ ቋንቋ ያገኘነውን ዕውቀት ለሕዝባችን የምናደርሰው እንዴት ነው የሚለው ነው። ለዚህ ጥያቄ በሥራው መልስ ከሰጡት ሰዎች አንዱ ግብጻዊው የንድፈ ሐሳብ ፊዚክስ ሊቅ ዶክተር ዓሊ ሙስጠፋ ሙሸረፋ ስለሆነ፣ በዚህ እትም የሕይወት ታሪኩን በአጭሩ እናቀርባለን።

ሙሸረፋ እ.ኤ.አ. በ1898 የዓባይ ወንዝ ወደ ሜዲተራንያን ባሕር በሚገባበት አጠገብ በምትገኘው በዱምያት ከተማ ተወለደ። አባቱ በ1907 በደረሰው የገበያ ቀውስ ሀብቱን አጥቶ ብዙም ሳይቆይ ስለሞተ፣ ልጁ ያደገው በችግር ነው። ቢሆንም በትምህርቱ ከአገሩ ተማሪዎች ግንባር ቀደም ሆነ። በ1917 በካይሮ ከከፍተኛው የመምህራን ትምህርት ቤት ተመርቆ፣ መንግሥት በሰጠው ነፃ የትምህርት ዕድል ወደ እንግሊዝ አገር ወደ ኖቲንግሃም ተላከ።

በ1919 የግብጽ ሕዝብ በእንግሊዝ አገዛዝ ላይ ሲነሣ ሙሸረፋ ገና ተማሪ ነበር። የሕይወት ታሪኩን የጻፉ እንደሚተርኩት፣ ትምህርቱን ጥሎ ከትግሉ ለመቀላቀል ፈልጎ፣ ኋላ ጠቅላይ ሚኒስትር ለሆነው ለወዳጁ ለኑቅራሺ ጻፈለት። ያገኘው መልስ አገሪቱ ከታጋይነቱ ይልቅ ሊቅነቱን የምትሻ መሆኗን የሚገልጽ ነበር። እሱም ምክሩን ተቀብሎ ትምህርቱን ቀጠለ። ለንደን በሚገኘው ኪንግስ ኮሌጅ በ1923 የፍልስፍና ዶክተርነት፣ በ1924 ደግሞ ከዚያ የሚበልጠውን የሳይንስ ዶክተርነት ማዕረግ ተቀበለ።

በዚያ ዘመን የአቶም ንድፈ ሐሳብ በፍጥነት ይለወጥ ነበር። አቶሞች የሚሰጡት ብርሃን በመስመሮች ተለይቶ ይታያል፤ መስመሮቹም በመግነጢስ ወይም በኤሌክትሪክ ኃይል ውስጥ ሲሆኑ ይከፋፈላሉ። ሙሸረፋ ይህን መከፋፈል በኳንተም ንድፈ ሐሳብ ለማስረዳት የደከመባቸው ጽሑፎች በእንግሊዝ የሳይንስ መጽሔቶች ታተሙ። በ1929 ደግሞ ቁስና ጨረር ስላላቸው ድርብ ጠባይ ጻፈ። ስሙን ከአይንስታይን ጋር እያያዙ የሚነገሩ ብዙ ወሬዎች አሉ፤ ለክብሩ ግን የታተመ ሥራው ይበቃዋል።

በ1925 ወደ አገሩ ተመልሶ ዛሬ የካይሮ ዩኒቨርሲቲ በሚባለው ማስተማር ጀመረ፤ ሠላሳ ዓመት ሳይሞላውም የሥነ ስሌት ፕሮፌሰር ሆነ። በዚያን ጊዜ በሳይንስ ፋኩልቲው የሚያስተምሩት አብዛኞቹ የውጭ አገር ሰዎች ነበሩ። በ1936 የፋኩልቲው የመጀመሪያ ግብጻዊ ዲን ሲሆን የአገሩን ልጆች ለማብቃት ተነሣ። የኒውክሌር ፊዚክስ ሊቅ የሆነችው ሰሚራ ሙሳ የእሱ ተማሪ ነበረች፤ ሴት ናት ተብሎ በዩኒቨርሲቲው መምህርነቷ ላይ ተቃውሞ ሲነሣ ቆሞ የተከራከረላት እሱ ነው።

ከሁሉም በላይ የምናደንቅለት ግን መጻሕፍቱን ነው። በእንግሊዝኛ ለሊቃውንት እንደጻፈ ሁሉ፣ በዐረብኛ ለወገኖቹ ጻፈ። ስለ ልዩ አንጻራዊነት ንድፈ ሐሳብ፣ ስለ ሳይንስና ሕይወት፣ እንዲሁም ሂሮሺማና ናጋሳኪ በተመቱበት በ1945 ስለ አቶምና ስለ አቶም ቦምብ መጻሕፍት አሳተመ። ከባልደረባው ከሙሐመድ ሙርሲ አሕመድ ጋርም በ9ኛው መቶ ዓመት አል ኽዋሪዝሚ የጻፈውን የአልጀብራ መጽሐፍ አዘጋጅቶ አወጣ። በዚህም ዐረብኛ ለሳይንስ እንግዳ አለመሆኑን በማስረጃ አሳየ።

ሙሸረፋ በጥር 1950 በ51 ዓመቱ ሞተ። ዕድሜው አጭር ቢሆንም ተማሪዎቹንና መጻሕፍቱን ትቶ አለፈ።

የእኛም ቋንቋ የቆየ ጽሕፈት ያለው ነው፤ በአገራችን ግን ተማሪ ሁለተኛ ደረጃ ሲደርስ ሳይንስን የሚማረው በእንግሊዝኛ ነው። ሕክምና የምንማር ደግሞ ጉድለቱን በየቀኑ እናየዋለን። ሐኪሙ የኩላሊት ድካም ምን እንደሆነና መድኃኒቱ ለምን መቋረጥ እንደሌለበት ለበሽተኛው በሚገባው ቋንቋ ካላስረዳ፣ በሽተኛው ትንሽ ሲሻለው መድኃኒቱን ይተዋል፤ በሽታውም ብሶበት ይመለሳል። የቃል ማነስ ሕይወት ያስከፍላል ማለት ነው። ስለዚህ እያንዳንዳችን ከምንማረው ሙያ ቢያንስ አንድ ርእስ መርጠን፣ ለዚህ መጽሔት በአማርኛ እንድንጽፍ አደራ እንላለን። ቃል ቢጎድለን እየተመካከርን እናገኘዋለን።