ራቢ አርኖልድ ፎርድና ሳይቆረቆር የቀረው መንደር

ራቢ አርኖልድ ጆሳያ ፎርድ በባርቤዶስ ደሴት እ.ኤ.አ. በ1877 ተወለዱ። በሙያቸው ሙዚቀኛ ነበሩ። በኒውዮርክ ከተማ ሃርለም ከተባለው ሠፈር ከተቀመጡ በኋላ በማርከስ ጋርቬ ማኅበር ውስጥ የሙዚቃ ኃላፊ በመሆን፣ ማኅበሩ እ.ኤ.አ. በ1920 የተቀበለውንና በኢትዮጵያ ስም የተሰየመውን መዝሙር ከባልደረባቸው ጋር ደረሱ። እ.ኤ.አ. በ1924 ደግሞ ቤት ብኔ አብርሃም የተባለውን የጥቁር አይሁዳውያን ጉባኤ አቋቋሙ።

በአሜሪካ ገጠር አስቀድመው የሰፈሩ አይሁዳውያን ገበሬዎች ነበሩ። ከሩሲያ ግዛት መከራ የሸሹት ስደተኞች በኒው ጀርሲ የዉድባይንን መንደር እ.ኤ.አ. በ1891 ሲቆረቁሩ፣ በባቡር ሐዲድ ሥራ የበለጸጉት ባሮን ሞሪስ ዴ ሂርሽ ያቋቋሙት የርዳታ ድርጅት መሬቱን ገዝቶ፣ ደኑን አስመንጥሮ፣ የእርሻ ትምህርት ቤት ከፍቶላቸዋል። የፎርድ ተከታዮች ግን ከእምነታቸውና ከእጅ ሙያቸው በቀር ይህን የመሰለ ደጋፊ አልነበራቸውም።

ተስፋው የመጣላቸው ከኢትዮጵያ ነው። ሐኪም ወርቅነህ እሸቱ እ.ኤ.አ. በ1927 ስለ ጣና ግድብ ጄ ጂ ኋይት ከተባለው የምሕንድስና ኩባንያ ጋር ለመነጋገር ወደ አሜሪካ በሄዱ ጊዜ ሃርለምን ጎብኝተው፣ ባለሙያ ጥቁሮች ወደ ኢትዮጵያ እንዲመጡ ጋበዙ። ፎርድም ጉባኤያቸው በገንዘብ እጦት ሲዳከም፣ እ.ኤ.አ. በ1930 ማብቂያ፣ በንጉሠ ነገሥቱ የዘውድ በዓል ሰሞን፣ ከጥቂት ጓደኞቻቸው ጋር አዲስ አበባ ገቡ። ዓላማቸው መሬት ተረክበው ወገኖቻቸውን ማስፈር ነበር። በቀጠሉት ዓመታትም ሌሎች ተከትለዋቸው መጡ።

ሆኖም ኩባንያው ጣናን ቢያጠናም ግድቡ አልተሠራም፤ የታሰበውም ሥራ አልተገኘም። ለበሬ፣ ለመሣሪያና እስከ መጀመሪያው መኸር ለሚያቆይ ቀለብ የሚበቃ ገንዘብ አልነበረም። ብዙዎቹ ወደመጡበት ተመለሱ። ፎርድ ግን ሙዚቃ እየተጫወቱ ኑሮአቸውን ገፉ፤ የኢጣልያ ወረራ ሊጀምር ጥቂት ሳምንታት ሲቀሩት፣ እ.ኤ.አ. በመስከረም 1935፣ በአዲስ አበባ አረፉ።

ባለቤታቸው ወይዘሮ ሚኞን ፎርድ ሁለት ወንዶች ልጆቻቸውን ይዘው የወረራውን ዘመን ካሳለፉ በኋላ የልዕልት ዘነበወርቅን ትምህርት ቤት መሠረቱ። እርሻው ሳይቆም ቢቀርም ትምህርት ቤቱ ቆመ።

በ1977 ዓ.ም. ከወሎ ወደ ምዕራቡ የአገራችን ክፍል የተጓዘውን ሕዝብ፣ ከሐርቡ እስከ ደሴ ባለው መንገድ ላይ የሸኘ ሰው የዚህን ታሪክ ፍሬ ነገር አይስተውም። ለሰፋሪ ተስፋ ስንቁ ነው፤ ውሃው፣ መንገዱና የመሬቱ ይዞታ ግን ከእርሱ ቀድመው መድረስ ይገባቸዋል። ይህንንም አስቀድሞ መለካትና ማስላት የመሐንዲሱ ድርሻ ነው።