ከጉምሩክ ወንበር የተነሳ ተንታኝ፦ ነጋድራስ ገብረ ሕይወት ባይከዳኝ

ቪዲዮው ላይ ሰዓት አጥሮን የዘለልነውን እዚህ በጽሑፍ እንጨርሰዋለን ብለን ነበር፤ ይኸው።

ነገሩ የተነሳው ከገንዘብ ተንታኞች ነው። ብር በሐምሌ 2016 ዓ.ም. በገበያ ዋጋ እንዲመነዘር ከተለቀቀ፣ አንድ ዶላርም ከ57 ብር ገደማ ተነስቶ በሳምንታት ውስጥ 100ን ካለፈ ወዲህ፣ እዚህ አውሮራ ሃቫና ስትሪት ላይ ስለ ምንዛሪ የማያወራ ሰው ማግኘት ይከብዳል። ከዴንቨር ኤርፖርት ሲመላለስ የዋለው ሹፌርም፣ እንጀራ ልትገዛ ብቅ ያለችው እናትም ጥያቄያቸው አንድ ነው፦ ዛሬ ልላክ ወይስ ትንሽ ልቆይ? መልሱ የሚፈለገው ደግሞ ከስልክ ነው። በተለይ የሄጅ ፈንድ ሥራ አስኪያጅ የነበሩ፣ ማለትም የባለጸጎችን ገንዘብ ሰብስበው ዋጋ ሲወጣም ሲወርድም ለማትረፍ ሲገዙና ሲሸጡ የኖሩ፣ አሁን ግን ማይክ ይዘው የሚተነትኑ ሰዎች ብዙ ሰሚ አላቸው። ሰው የሚያምናቸው ገንዘቡን በእጃቸው ይዘው ስለሚያውቁት ነው። ይህ እውነት አለው። ችግሩ፣ ወንበሩ ላይ የተቀመጠ ሰው ለወንበሩ ሊያደላም ይችላል።

ታዲያ ከኛ ወገን የአገር ገንዘብ በሚያልፍበት በር ላይ ቆሞ፣ ያየውን ሳያደላ የጻፈ ማን አለ? እኛ የምናውቀው የመጀመሪያው ሰው ነጋድራስ ገብረ ሕይወት ባይከዳኝ ናቸው። ነጋድራስ ማለት የነጋዴዎች አለቃ ነው፤ ኋላ ላይ የጉምሩክ ሹም መጠሪያ ሆነ። ስማቸውን ብዙዎቻችን እናውቀዋለን። ሕይወታቸውን ግን የሚያውቅ ጥቂት ነው፤ የጻፉትን ያነበበማ ይብሳል።

የተወለዱት በ1878 ዓ.ም. ትግራይ ውስጥ፣ አድዋ አካባቢ ነው። አባታቸው ሻለቃ ባይከዳኝ የአፄ ዮሐንስ ወታደር ነበሩ፤ በመጋቢት 1881 ዓ.ም. ንጉሠ ነገሥቱ በወደቁበት በመተማ ጦርነት እሳቸውም ወደቁ። ልጁ ያኔ ገና ሦስት ዓመት አልሞላውም። ዘመኑ ክፉ ቀን የሚባለው ነው፤ ከብቱ በበሽታ አልቆ፣ እርሻው ጠፍ ሆኖ፣ ሰው እንደ ቅጠል የረገፈበት። ሕፃኑ ወደ ኤርትራ ተሻግሮ ምጽዋ አጠገብ ምንኩሉ በሚገኘው የስዊድን ሚሲዮን ትምህርት ቤት ገባ።

ከዚያ በኋላ ያለው ታሪክ ተረት ይመስላል። ሰባት ዓመት ገደማ ሲሆነው ከጓደኞቹ ጋር ወደብ ሊያይ ይሄዳል፣ የጀርመን መርከብ ላይ ይወጣል፣ ተደብቆ ይቀራል ይባላል። መርከቧ መልሕቋን አንስታ ሄደች። ካፒቴኑ ልጁን ለአንድ ባለጸጋ የኦስትሪያ ቤተሰብ ሰጠውና እንደ ልጅ አሳደጉት። ጀርመንኛ ተማረ፣ ከዚያም በርሊን ዩኒቨርሲቲ ገብቶ ሕክምና አጠና። እዚህ ልጆቻችንን ይዘን የምንኖር ሰዎች አንድ ነገር ልብ ማለት አለብን። ይህ ልጅ በሰባት ዓመቱ አገሩን ለቆ፣ በሌላ ቋንቋ አስቦ፣ በሌላ ቤት አድጎ፣ ሲመለስ አማርኛን ጠንቅቆ ተማረ። የአገሪቱን የመጀመሪያ የኢኮኖሚ መጽሐፍ የጻፈው በጀርመንኛ ሳይሆን በአማርኛ ነው። አንባቢው ማን እንዲሆን እንደፈለገ ከዚህ ይታወቃል።

ወጣቱ ገብረ ሕይወት አገራቸው ሲገቡ ቤተ መንግሥቱ አካባቢ ሥራ አላጡም። የአፄ ምኒልክ ጸሐፊና አስተርጓሚ ሆኑ፤ ንጉሠ ነገሥቱ ታመው ጀርመን ሐኪሞች በመጡ ጊዜም ቋንቋውንም ሕክምናውንም ስለሚያውቁ ተፈላጊ ነበሩ። ግን የታመመ ንጉሥ አልጋ አጠገብ መቆም አደገኛ ነው። የምኒልክ ሕመም የሥልጣን ሽኩቻ ይዞ መጣ፣ እሳቸውም ከቤተ መንግሥቱ ተጋጭተው ወደ ሱዳን ተሰደዱ። ስደቱ ላይ ነው ብዕር የጠነከረው።

በ1904 ዓ.ም. አፄ ምኒልክና ኢትዮጵያ የተባለው ጽሑፋቸው አስመራ፣ በስዊድን ሚሲዮን ማተሚያ በወጣው ብርሃን ይሁን በተባለ ስብስብ ውስጥ ታተመ። አጭር ናት፣ ግን ጥርስ አላት። ገና ከመግቢያው የሚተቹት በዘመኑ ከነበሩት ደራሲያን ሁሉ በቋንቋ ችሎታው የተደነቀውን አፈወርቅ ገብረ ኢየሱስን ነው። አፈወርቅ ስለ ምኒልክ የጻፉት መጽሐፍ ያለፉትን ነገሥታት እያንኳሰሰ የራሱን ጀግና ይሰቅላል። ገብረ ሕይወት ታሪክ ለሚጽፍ ሰው ሦስት ነገር ያስፈልገዋል ይላሉ፦ የሆነውን የሚያስተውል ልቡና፣ በሆነው ላይ ሳያደላ የሚፈርድ አእምሮ፣ ያየውንና የፈረደውን የሚገልጽበት የጠራ ቋንቋ። አፈወርቅ ሦስተኛው አላቸው፣ ሁለቱ ግን ጎድለዋቸዋል ነው ፍርዳቸው። ዛሬ ካሜራ ፊት የምንቀመጥ ሁላችን፣ እኛንም ጨምሮ፣ በዚህ ሚዛን ብንቀመጥ ስንቶቻችን እንተርፋለን? (ነገሩ እንዲያስቅ፣ ከዓመታት በኋላ አፈወርቅም የድሬዳዋ ነጋድራስ ሆነዋል።)

ጽሑፉ ምኒልክን ያመሰግናል፣ ይወቅሳልም። ዛሬ ሃቫና ላይ አንዱ ጠረጴዛ ምስጋናውን ብቻ ቆርጦ ያነበዋል፣ ማዶ ያለው ጠረጴዛ ወቀሳውን ብቻ። ከጦርነቱ ወዲህ አብረው ቡና የማይጠጡ ሰዎች አንድ መጽሐፍ ለሁለት ቀደው ተካፍለዋል ማለት ነው። ሰውየው ግን ሁለቱንም ያስቀመጡት በአንድ ምክንያት ነው፦ የሚቀጥለው መንግሥት ምን ማድረግ እንዳለበት ለመዘርዘር። የንጉሡ የግል ንብረትና የመንግሥት ንብረት ይለይ፤ ግብር በልክ ተወስኖ በገንዘብ ይከፈል፤ ሕግ ተጽፎ ይታወቅ፤ የጉምሩክ ቀረጥ በየቦታው አንድ ይሁን፤ ሠራዊቱ በትምህርት ይደራጅ፤ ሰው በሃይማኖቱ አይነካ። ይህ ከ110 ዓመት በፊት ነው።

አሁን ወደ ወንበሩ እንምጣ። በልጅ ኢያሱ ዘመን ከስደት ተመልሰው ሹመት አገኙ። የባቡሩ ተቆጣጣሪ፣ ከዚያም የድሬዳዋ ነጋድራስ ሆኑ። ድሬዳዋን ድሬዳዋ ያደረጋት ባቡሩ ነው። ከጅቡቲ የተነሳው ሐዲድ ተራራውን ወጥቶ ሐረር መግባት ስለከበደው በ1895 ዓ.ም. እግረ ተራራው ላይ ቆመ፤ ከተማዋ እዚያው በቀለች፣ አዲስ ሐረርም ተባለች። ባቡሩ አዲስ አበባ እስኪደርስ፣ እስከ 1909 ዓ.ም. ድረስ፣ አገሪቱ ከባሕር ጋር የምታደርገው ንግድ ብዙው በዚያች ከተማ በኩል ያልፍ ነበር። እንግዲህ በዚያ በር ላይ የቆመ ሰው ምን ያያል? ወደ ውጭ ቡና፣ ቆዳ፣ ሰም፣ የዝሆን ጥርስ፣ ዝባድ ሲጫን ያያል። ወደ ውስጥ ደግሞ አቡጀዲ፣ ጠመንጃ፣ መጠጥ ሲራገፍ። ከአቡጀዲው ብዙው የዚህችው የአሜሪካ ጨርቅ ነበር፤ በ1896 ዓ.ም. የአሜሪካ መልእክተኛ ሮበርት ስኪነር አዲስ አበባ ድረስ ሄዶ ከምኒልክ ጋር የንግድ ውል የተፈራረመውም ያንን ገበያ አይቶ ነው።

ነጋድራሱ ግን መዝገቡን ብቻ አይደለም ያዩት። እጃቸው እንደታሰረም አዩ። በጥር 1900 ዓ.ም. ከፈረንሳይ ጋር የተፈረመውና በፈራሚው ስም የክሎቡኮቭስኪ ውል የሚባለው ስምምነት ከውጭ በሚገባ ዕቃ ላይ ቀረጡን በ10 በመቶ ወስኖታል፤ በመጠጥ ላይ ደግሞ በ8 በመቶ። ልብ በሉ፣ መጠጥ ከጨርቅ ያነሰ ቀረጥ ይከፍላል! የአገር ሸማኔ ከፋብሪካ ጨርቅ ጋር እንዲወዳደር ልርዳው ብትል ቀረጡን ከፍ ማድረግ አትችልም። በአንጻሩ የአገር ውስጥ ነጋዴ ከጠቅላይ ግዛት ጠቅላይ ግዛት ሲሻገር በየኬላው ይቀረጣል። የባዕድ ዕቃ በባቡር ይገሰግሳል፣ የአገሬው ዕቃ በበቅሎ እየሄደ በየወንዙ ይከፍላል።

ገንዘቡም ቢሆን የራሳችን አልነበረም። የምኒልክ ብር ቢታተምም ገበያው የሚያምነው ማርትሬዛን ነው፤ 1780 የሚል ዓመት የተቀረጸበትን የኦስትሪያ ጠገራ ብር። ዋጋው የሚወጣና የሚወርደው በዓለም የብር ማዕድን ገበያ ነው። የጅማ ገበሬ ቡናው ስንት እንደሚያወጣ የሚወሰነው እሱ ስሙን እንኳ በማያውቀው ከተማ ነው። የዛሬ ምንዛሪ አዲስ ነገር የሚመስለው ካለ እዚህ ጋ ቆም ብሎ ያስብ።

እኛ እንደምናየው ሁለተኛው መጽሐፋቸው ከመጀመሪያው የሚለየው በዚህ ነው። የመጀመሪያው ለመንግሥት የተሰጠ ምክር ነው። ሁለተኛው፣ መንግሥትና የሕዝብ አስተዳደር፣ የጉምሩክ በር ላይ የቆመ ሰው ጥያቄ አለበት፦ ይህ ባቡር የሚያወጣውና የሚያስገባው ለምን አይመጣጠንም? መልሳቸው በአጭሩ እንዲህ ነው። ሀብት የሚገኘው ከሥራ ነው፤ ሥራን የሚያበዛው ዕውቀት ነው። ዕውቀት ያለው ሕዝብ በአንድ ቀን በመሣሪያ የሚሠራውን፣ ዕውቀት የሌለው በብዙ ቀን በእጁ ይሠራዋል። ሁለቱ ሲገበያዩ በሚዛኑ ላይ የሚቀመጠው ዕቃ እኩል ይመስላል፣ የተደከመበት ቀን ግን እኩል አይደለም። ጥሬ ሸጦ ያለቀለትን የሚገዛ ሕዝብ በሸጠ ቁጥር ይደክማል፣ መጨረሻው የሻጩ ጥገኛ መሆን ነው። ስለዚህ ባቡር ብቻውን አያበለጽግም፤ የሚሠራ እጅና የተማረ ጭንቅላት ከሌለ ባቡሩ ድህነትን ነው የሚያፋጥነው።

እንግዲህ ይህንን የሚሉት የባቡሩ ተቆጣጣሪ የነበሩ ሰው ናቸው። ቀረጥ ሰብሳቢ ናቸው፤ ንግዱ በበዛ ቁጥር መዝገባቸው ያምራል፣ ሹመታቸውም ይደምቃል። ለወንበራቸው ቢያደሉ ኖሮ ባቡሩን ባመሰገኑ ነበር። ሁለተኛው መጽሐፍ ወታደሩንም አይምርም። ደመወዝ የሌለው ወታደር ገበሬው ላይ ተጭኖ ሲበላ ገበሬው ለምን ብሎ ነው አብልጦ የሚያርሰው? ይህን ማለት በዚያ ዘመን ቀላል አልነበረም።

ከሠላሳ ዓመት በኋላ፣ በ1950 እ.ኤ.አ. ገደማ፣ አርጀንቲናዊው ራውል ፕሬቢሽ ጥሬ ዕቃ የሚሸጡ አገሮች ከንግዱ ለምን እንደሚጎዱ ጽፎ ዓለም አወቀው። እሱም ከገንዘብ ወንበር የተነሳ ነው፤ የአርጀንቲና ማዕከላዊ ባንክ የመጀመሪያ ሥራ አስኪያጅ ነበር። የኛዎቹ የኢኮኖሚ ምሁራን፣ እነ ዓለማየሁ ገዳ፣ ገብረ ሕይወት በዚህ ሐሳብ እንደቀደሙት ጽፈዋል። ቀደሙ ማለት ግን ሁሉ ልክ ነበሩ ማለት አይደለም። ዕውቀት ሲሉ የአውሮፓን ዕውቀት ብቻ ማለታቸው የአገሬውን አንጥረኛ፣ ሸማኔና ገበሬ ዝቅ አድርጎ የሚያይበት ቦታ አለ። እኛ እዚያ ጋ አንስማማም። የስንዴና የጤፍ ዘር ለሺህ ዓመት መርጦ ያቆየ ሰው መሃይም አይባልም።

ነጋድራስ ገብረ ሕይወት በ1911 ዓ.ም. በ33 ዓመታቸው ገደማ አረፉ። ሁለተኛውን መጽሐፋቸውን ታትሞ አላዩትም። አምስት ዓመት ቆይቶ በ1916 ዓ.ም. አዲስ አበባ ታተመ፤ የወደፊቱ ንጉሠ ነገሥት ራስ ተፈሪ አልጋ ወራሽ በነበሩበት ጊዜ መሆኑ ነው። ወደ እንግሊዝኛ ለመመለስ ደግሞ 71 ዓመት ፈጀ፤ ተንክር ቦንገር ተርጉመውት ለንደን ውስጥ በ1995 እ.ኤ.አ. ወጣ።

እስከዚያው ሃቫና ላይ ግራና ቀኝ የተደረደሩትን መኪና ሻጮች አልፋችሁ ቡና ቤት ስትገቡ፣ ከይርጋ ጨፌ ጥሬውን የወጣው ቡና እዚህ ተቆልቶ፣ ተፈጭቶ፣ ታሽጎ ስንት እንደሚሸጥ ከማሸጊያው ላይ አንብቡ። ከዚያ ቤት ደውላችሁ ገበሬው ኪሎውን በስንት እንደሰጠ ጠይቁ። ሁለቱን ቁጥር ጻፉልን፣ በሚቀጥለው ቪዲዮ ስለ ገንዘብ የጻፉትን ምዕራፍ ስናነብ እንጠቀምበታለን። አማርኛ ማንበብ ለሚከብዳቸው ልጆቻችሁ የእንግሊዝኛው ትርጉም አለላችሁ።