ከፊልሙ በስተጀርባ፤ የኒኮ ፓፓታኪስ ሕይወት

ከወልድያ ወደ መርሳ የሚወርድ መንገደኛ ድልድይ ሲሻገር ዓይኑ የሚያርፈው በወለሉና በመደገፊያው ላይ ነው፤ ከመሬት በታች ተቀብሮ ሸክሙን ሁሉ የተሸከመው መሠረት ትዝ አይለውም። በፊልም ሥራ ውስጥ ፕሮዲዩሰር የሚባለው ሰው ዕጣም ከዚህ እምብዛም የተለየ አይደለም። ገንዘቡን የሚፈልግ፣ ቦታውን የሚያሰናዳ፣ ኪሳራ ቢመጣም የሚሸከም እርሱ ሆኖ ሳለ፣ ተመልካች የሚያስታውሰው ተዋናዩንና ዲሬክተሩን ነው። በፈረንሳይ አገር ከተለመደው አሠራር ወጥተው ለተሠሩ ፊልሞች እንዲህ ያለ መሠረት ከሆኑት ሰዎች አንዱ የአዲስ አበባ ተወላጅ ኒኮ ፓፓታኪስ ነበር።

ፓፓታኪስ ሰኔ 28 ቀን 1910 ዓ.ም. ከግሪካዊ አባትና ከኢትዮጵያዊት እናት ተወለደ። ፋሺስት ኢጣልያ አገራችንን በወረረችበት በ1928 ዓ.ም. ገና የ17 ዓመት ወጣት ሳለ ከኢትዮጵያ ጦር ጋር ተሰልፎ ተዋጋ። ከማይጨው ሽንፈት በኋላ የጠላት ጦር በወልድያ አድርጎ ወደ ደሴ ዘለቀ፤ ዋና ከተማይቱም ተያዘች። ወጣቱ በጅቡቲ በኩል ተሰድዶ ግሪክ ከቆየ በኋላ፣ በአውሮፓ አቆጣጠር በ1939 ፓሪስ ገባ። ከዚህ በታች የተጠቀሱት ዓመቶችም ሁሉ በዚሁ አቆጣጠር ናቸው።

በፓሪስ በመጀመሪያ በፊልሞች ውስጥ አጃቢ ተዋናይ እየሆነ ኑሮውን ገፋ። ቀጥሎም ከዣን ፖል ሳርትር፣ ከዣክ ፕሬቬርና ከዣን ዤኔ ጋር ተዋወቀ። በ1947 ሮዝ ሩዥ የተባለውን፣ ዘፈንና አጫጭር ተውኔት የሚቀርብበትን የምሽት ቤት አቋቋመ። ቤቱ ስመ ጥር ሆነ፤ ገቢም አስገኘ።

የሰውዬው ልዩ ጠባይ የታየው ይህን ገቢ ባዋለበት ሥራ ነው። በ1950 ዣን ዤኔ በሕይወቱ ሙሉ የሠራውን ብቸኛ ፊልም፣ «የፍቅር ዜማ» የተባለውን፣ በራሱ ወጪ አሠራ። የወኅኒ ቤቱ ክፍሎች የታነጹት እዚያው ሮዝ ሩዥ ውስጥ ነበር። 25 ደቂቃ ያህል የሚፈጀው ይህ ድምፅ አልባ ፊልም ግድግዳ የለያቸውን የሁለት ወንድ እስረኞች ፍቅርና የጠባቂያቸውን ዓይን ያሳያል። በዚያን ዘመን በአደባባይ ሊታይ እንደማይችል ግልጽ ነበር፤ ለብዙ ዓመታትም በድብቅና በግል ብቻ ታየ። በ1964 ኒው ዮርክ ላይ ያሳየው ዮናስ ሜካስ እስከ መታሰር ደርሷል። በ1975 የፈረንሳይ መንግሥት ለፊልሙ የገንዘብ ሽልማት ሲሰጥ ደግሞ ዤኔ ራሱ አልቀበልም አለ። ስለዚህ ፓፓታኪስ ከሥራው ያተረፈው ገንዘብም የወዳጅ ምስጋናም አልነበረም።

ይህ ሁሉ ግን ከመንገዱ አልመለሰውም። በ1957 ወደ ኒው ዮርክ ተሻግሮ ነበርና፣ ጆን ካሳቬትስ የተባለው ወጣት ተዋናይ በገንዘብ እጦት የተቸገረበት «ጥላዎች» የተሰኘ ፊልም እንዲፈጸም ረዳ። ፊልሙ በቆዳ ቀለም ልዩነት መካከል ስለሚኖሩ ወንድማማቾችና እኅታቸው የሚተርክ ነው፤ ከሁለት ወገን ለተወለደው ፓፓታኪስ ጉዳዩ ባዕድ ሊሆን አይችልም።

ወደ ፈረንሳይ ተመልሶ ራሱ ዲሬክተር በሆነ ጊዜም ያንኑ ዋጋ መክፈሉን ቀጠለ። አሠሪዎቻቸውን ስለገደሉ ሁለት ገረዶች የሚናገረው የ1963ቱ «ጥልቆች» በካን ፌስቲቫል ታላቅ ሁከት አስነሣ። በአልጄሪያ ጦርነት የተፈጸመውን የሰው ልጅ ሥቃይ ያነሣው የ1976ቱ «ግሎሪያ ሙንዲ» ደግሞ በሲኒማ ቤት ቦምብ ስለተጣለበት ከእይታ ተነሣ። በጠቅላላው በራሱ ዲሬክተርነት የሠራቸው ረጃጅም ፊልሞች አምስት ብቻ ናቸው።

ኒኮ ፓፓታኪስ በ2010 ታኅሣሥ ወር ውስጥ በ92 ዓመቱ ፓሪስ ላይ ዐረፈ። ያሠራቸውና የደገፋቸው ሁለት ፊልሞች ዛሬ በዓለም የፊልም ትምህርት ቤቶች ይጠናሉ። ማንም ሰው ተፈላጊነቱ የታወቀለትን ሥራ ቢያሠራ የሚያስደንቅ አይደለም፤ ገና ጠያቂ የሌለውን ሥራ አስፈላጊነት አስቀድሞ አይቶ ወጪውን መሸፈን ግን ጥቂቶች ብቻ የሚደፍሩት ሙያ ነው። ፓፓታኪስም ከእነዚህ ጥቂቶች ወገን ነበር።