ታምራት አማኑኤል፦ የቤተ እስራኤል መምህር፣ የኢትዮጵያ ሊቅ

የጅቡቲ ባቡር ከአዲስ አበባ ወደ ባሕር ማዶ የሚወስድ ዋነኛ መንገድ በነበረበት ዘመን፣ ድሬዳዋ ለትምህርት የሚጓዙ ወጣቶች መሸጋገሪያ ነበረች። በዚያ ዘመን የቤተ እስራኤል ልጆችን በዘመናዊ ትምህርት ካነጹት መካከል ቀዳሚው ፕሮፌሰር ታምራት አማኑኤል ናቸው።

ታምራት በ1880 ዓ.ም. ገደማ በጎንደር አካባቢ ተወለዱ። የቤተ እስራኤል ሕዝብ በአብዛኛው ርስት የሌለው ሆኖ በጭሰኝነት፣ በብረት ቀጥቃጭነት፣ በሸክላና በሽመና ሥራ ይተዳደር ነበር። ታምራት ግን በልጅነታቸው አሥመራ በነበረው የስዊድን ሚሲዮን ትምህርት ቤት ገቡ። በ1897 ዓ.ም. ገደማ የፖላንድ ተወላጁ አይሁዳዊ ተመራማሪ ዣክ ፋይትሎቪች አገኟቸው፤ ከጓደኛቸው ከጌቴ ኤርምያስ ጋርም ወደ አውሮፓ ወሰዷቸው።

ታምራት በፓሪስ፣ ከዚያም በፍሎረንስ የረቢዎች ኮሌጅ ዕብራይስጥንና የአይሁድን ሊቃውንት ትምህርት ተማሩ። ወደ አገራቸው ተመልሰውም በ1916 ዓ.ም. ገደማ በአዲስ አበባ የተከፈተውን የቤተ እስራኤል ትምህርት ቤት በኃላፊነት መሩ።

ኃላፊነቱ ቀላል አልነበረም። ፋይትሎቪች የኢትዮጵያ ቤተ እስራኤላውያን ሥርዓት ከቀረው ዓለም አይሁድ ሥርዓት ጋር እንዲስማማ ይሹ ነበር። ታምራት ትምህርትን ቢወዱም፣ የአባቶች ሥርዓትና የግእዝ መጻሕፍት ባለቤት የሆነ ሕዝብ ማንነቱን ተነጥቆ እንዳይቀር ይጨነቁ ነበር። ይህ ልዩነት ከዕድሜ ጋር እየሰፋ ሄደ።

የኢጣሊያ ወረራ ትምህርት ቤቱን ዘጋው፤ ታምራትም ተሰደዱ። ከነፃነት በኋላ ተመልሰው በትምህርት ዘርፍ መንግሥትን አገለገሉ፤ በ1940ዎቹም በፓሪስ የኢትዮጵያ የባህል አታሼ ሆኑ። በመጨረሻ ኢየሩሳሌም ተቀምጠው በ1955 ዓ.ም. ገደማ አረፉ።

«ስለ ኢትዮጵያ ደራስያን» የተሰኘው ሥራቸው ከሞታቸው በኋላ በአዲስ አበባ ታትሟል። ከአንድ የተገፋ ማኅበረሰብ የወጡት እኚህ ሰው የመላ አገሪቱን ደራስያን ታሪክ ለትውልድ አቆይተዋል። ዛሬ ስለ ቤተ እስራኤል ታሪክና ባህል የሚመረምር ሁሉ ስማቸውን ሳይጠራ አያልፍም፤ ወገናቸውንም አገራቸውንም ሳይነጣጥሉ አገልግለዋልና።