አቡ ረይሓን አል-ቢሩኒ፡ የሌላውን እምነት በፍትሕ የጻፉ ዓሊም

ቢስሚላሂር-ረሕማኒር-ረሒም



በዚህ እትማችን የምናስታውሳቸው ዓሊም አቡ ረይሓን ሙሐመድ ኢብኑ አሕመድ አል-ቢሩኒ ናቸው። ብዙዎቻችን ስማቸውን የሰማነው ከሒሳብና ከሥነ ፈለክ ጋር ተያይዞ ነው። ዛሬ ግን ይበልጥ ልናተኩር የፈለግነው ከሺህ ዓመት በፊት ስለ ህንድ ሕዝብ እምነት፣ ዕውቀትና ባህል በጻፉት መጽሐፍ ላይ ነው። በግቢያችን እምነታቸው ከእኛ የተለየ ብዙ ጓደኞች አሉን። በዶርምም በካፌም እነርሱ ስለ እኛ ያወራሉ፤ እኛም ስለ እነርሱ እናወራለን። ስለ ሌላው እምነት የምንናገረው ባለቤቱ ቢሰማው የእኔ ነው ብሎ የሚቀበለው ነውን? አል-ቢሩኒ ይህን ጥያቄ ከእኛ በፊት ጠይቀውታል፤ መልሱን ለማግኘትም የዕድሜያቸውን ብዙ ዓመት ሰጥተውታል።

ትምህርትና ስደት

አል-ቢሩኒ በ362 ዓመተ ሂጅራ (እ.ኤ.አ. በ973) ዛሬ ኡዝቤኪስታን በምትባለው አገር፣ በኸዋሪዝም ግዛት፣ ካስ በተባለች ከተማ ዳርቻ ተወለዱ። ቢሩኒ የሚለው መጠሪያ ከፋርስኛ የመጣ ሲሆን ከከተማ ውጭ ያለ ሰው ማለት ነው። ገና በወጣትነታቸው አቡ ነስር መንሱር የተባሉ፣ ከገዥው ቤተሰብ የተወለዱ የሒሳብ ሊቅ አስተማሯቸው።

በ995 ግን በአካባቢው ጦርነት ተነሣ፤ የመምህራቸው ቤተሰብም ከሥልጣን ወረደ። አል-ቢሩኒ በ22 ዓመታቸው ስደት ወጡ። ቢሆንም ከትምህርታቸው አልተለዩም። በ997 ወደ ካስ ተመልሰው ሳለ ባግዳድ ከነበሩት የሒሳብ ሊቅ አቡል ወፋእ ጋር ተስማምተው አንድ የጨረቃ ግርዶሽ እያንዳንዳቸው ባሉበት ከተማ ተከታተሉ። ከዚያም ግርዶሹ በሁለቱ ከተሞች የታየበትን ሰዓት በማነጻጸር ከተሞቹ በኬንትሮስ ምን ያህል እንደሚራራቁ አሰሉ።

ቀጥሎ በካስፒያን ባሕር አቅራቢያ ወዳለችው ጁርጃን ሄዱ። በ1000 ገደማ በዚያ ስለ ልዩ ልዩ ሕዝቦች ዘመን አቆጣጠርና በዓላት ትልቅ መጽሐፍ አዘጋጁ። የፋርሶችን፣ የአይሁዶችን፣ የክርስቲያኖችንና የዐረቦችን አቆጣጠር ጎን ለጎን አስቀምጠው መርምረዋል። ዕድሜያቸው ያን ጊዜ 27 ዓመት አካባቢ ነበር።

በገዝና

በ1017 የገዝናው ሱልጣን መሕሙድ ኸዋሪዝምን ያዘ። ከአገሩ ሊቃውንት ጋር አል-ቢሩኒም ዛሬ አፍጋኒስታን ውስጥ ወዳለችው ገዝና ተወሰዱ። የሄዱት በምርጫቸው አልነበረም። በቀጣዩ ዓመት ካቡል አጠገብ ባለች መንደር ሆነው የቦታዋን ኬክሮስ ለመለካት ሲፈልጉ የመለኪያ መሣሪያ አልነበራቸውም። የሒሳብ ሰሌዳቸውን ገልብጠው በጀርባው ላይ ቅስት ሠርተው ለኩ።

በ1025 ደግሞ የቦታዎችን አቀማመጥ ስለመወሰን የጻፉትን መጽሐፍ ጨረሱ። በዚህ መጽሐፍ ካሰሏቸው ነገሮች አንዱ ከገዝና ወደ መካ ያለው የቂብላ አቅጣጫ ነው። ለእርሳቸው ሶላትን ወደ ትክክለኛው አቅጣጫ መስገድና የምድርን ቅርጽ በሒሳብ ማወቅ የተለያዩ ጉዳዮች አልነበሩም።

ህንድና መጻሕፍቷ

ሱልጣን መሕሙድ በህንድ ላይ ተደጋጋሚ ዘመቻ ያደርግ ነበር። አል-ቢሩኒም በዚሁ ዘመን ወደ ፑንጃብ ለመግባት ቻሉ። ሠራዊቱ ምርኮና ሀብት ሲሰበስብ እርሳቸው መጻሕፍት ይሰበስቡ ነበር። የሳንስክሪት መጽሐፍ ሊገኝ ይችላል በተባለበት ቦታ ሁሉ ያፈላልጉ፣ ገንዘባቸውንም ሳይቆጥቡ ያወጡ ነበር። መጻሕፍቱን የሚያስረዷቸውን የህንድ ሊቃውንትም ከሩቅ ድረስ ያስመጡ ነበር።

ሳንስክሪትን መማር የጀመሩት ከ40 ዓመት በላይ ሆነው ነው። ቋንቋው በጣም እንደከበዳቸው አልደበቁም። በዐረብኛ የሌሉ ድምፆች አሉት፤ አንድ ነገር ብዙ ስም አለው፤ አንድ ቃልም ብዙ ትርጉም ይኖረዋል። የሳይንስ መጻሕፍት እንኳ በቃል እንዲጠኑ ተብለው በግጥም የተጻፉ ነበሩ። ገልባጮችም ጥንቃቄ ስለማያደርጉ መጽሐፉ ሁለት ሦስት ጊዜ ሲገለበጥ ይበላሽ ነበር። ይህን ሁሉ ተቋቁመው የሳንኽያን ፍልስፍና እና ስለ ዮጋ የሚያስተምረውን የፓታንጃሊን መጽሐፍ ወደ ዐረብኛ ተረጎሙ። በአንጻሩ ደግሞ የግሪኩን ሊቅ የኤውክሊድን የጂኦሜትሪ መጽሐፍና የበጥሊሞስን የሥነ ፈለክ መጽሐፍ ለህንዶች በሳንስክሪት ለማቅረብ ይሠሩ ነበር።

በዚያው በፑንጃብ፣ ናንዳና ከተባለች ምሽግ አጠገብ የምድርን ስፋት ለኩ። መጀመሪያ በሜዳው ላይ የቆመውን ተራራ ከፍታ ለኩ። ቀጥሎ ጫፉ ላይ ወጥተው አድማሱ ምን ያህል ዝቅ ብሎ እንደሚታይ በአንግል መዘገቡ። ከሁለቱ ቁጥሮች ተነሥተው ያገኙት የምድር ሬዲየስ ዛሬ ከሚታወቀው ጋር የተቀራረበ ነው።

በፍትሕ መመስከር

ስለ ህንድ የጻፉት መጽሐፍ የተጠናቀቀው በ1030፣ ሱልጣን መሕሙድ ከሞተ ብዙም ሳይቆይ ነው። 80 ምዕራፎች አሉት። ህንዶች ስለ ፈጣሪ፣ ስለ ነፍስ መመላለስና ስለ መዳን ያላቸውን እምነት ይዘረዝራል። ስለ ቬዳና ፑራና መጻሕፍት፣ ስለ ሰዋስውና ቅኔ ምጣኔ፣ ስለ ሚዛንና መለኪያ፣ ስለ ከዋክብት፣ ስለ ውርስ፣ ስለ ጾምና ስለ በዓላትም ይናገራል።

በመግቢያው ላይ መጽሐፉ እንዴት እንደተጀመረ ይተርካሉ። ከአንድ ምሁር ጋር ሲወያዩ፣ ስለ ሌሎች እምነት የሚጽፉ ሰዎች ባለቤቶቹ ያላሉትን እንደሚጽፉባቸው አነሡ። ስለ ህንዶች የተጻፈው ደግሞ አብዛኛው አንዱ ከሌላው የቀዳው፣ ያልተመረመረ ወሬ ነበር። አል-ቢሩኒ በዚሁ መግቢያ በሱረቱ አን-ኒሳእ ያለውን፣ በራስ ላይ እንኳ ቢሆን በእውነት የመመስከር ትእዛዝ ያስታውሳሉ። ስለዚህ መጽሐፋቸው የክርክር መጽሐፍ እንዳይሆን ወሰኑ። የህንዶች እምነት ከእኛ ዐቂዳ ጋር ቢጋጭ እንኳ ህንዶቹ እንዳመኑት አድርገው አቀረቡት፤ ምንጫቸውም የራሳቸው የህንዶቹ መጻሕፍት ናቸው።

ለምሳሌ የጣዖትን ጉዳይ እንውሰድ። አል-ቢሩኒ በተማሩትና በተራው ሕዝብ መካከል ያለውን ልዩነት ያሳያሉ። የተማሩት መጀመሪያና መጨረሻ የሌለው አንድ አምላክ አለ እንደሚሉ፣ ምስሎቹ ግን በዓይን የሚታይ ነገር ለሚፈልገው ሕዝብ የተሠሩ መሆናቸውን ጻፉ። እንዲህ ያለው ዝንባሌ በህንድ ብቻ ሳይሆን በሌሎች ሕዝቦችም ዘንድ እንዳለ አክለዋል። ለተሳላሚዎች የሚሠሩትን ኩሬዎች ጥበብ ሲገልጹ ደግሞ የእኛ ሰዎች ሲያዩዋቸው እንደሚደነቁ፣ መሥራት ቀርቶ መግለጽ እንኳ እንደሚያቅታቸው መስክረዋል።

ይህ ማለት ግን ሁሉን ተቀበሉ ማለት አይደለም። የህንድ ሊቃውንት በራሳቸው ዕውቀት እንደሚታበዩ፣ የተጣራ ሒሳብን ከተረት ጋር እንደሚቀላቅሉ በግልጽ ተችተዋል። ሰውን በትውልድ የሚከፋፍለው የካስት ሥርዓት ሙስሊሙንና ህንዱን ከሚያራርቁት ነገሮች ትልቁ መሆኑን ጽፈዋል፤ በእኛ ዘንድ ሰዎች የሚበላለጡት በተቅዋ ብቻ ነውና።

ለራሳቸው ወገንም አላደሉም። የመሕሙድ ዘመቻ የአገሩን ብልጽግና እንዳጠፋ፣ ሕዝቡን እንደበተነ፣ ከሞት የተረፉት ለሙስሊሞች ጥላቻ እንዳደረባቸው፣ የህንድ ዕውቀትም ገና ወዳልተያዙት ወደ ካሽሚርና ወደ ቤናሬስ እንደሸሸ መዝግበዋል። ይህን የጻፉት በዚያው ሱልጣን ከተማ ተቀምጠው፣ የሱልጣኑ ልጆች በዙፋን ላይ ሳሉ ነው። አሸናፊ ከሆነው ወገን ጋር እየኖሩ የተሸነፈውን ሰው ጉዳት መመስከር ለእኛም የሚከብድ ነገር ነው።

አንዳንዶቻችን የሌላውን እምነት መጽሐፍ ማንበብ ኢማንን ያናጋል ብለን እንሰጋለን። ስጋቱ ሁልጊዜ ከንቱ ነው አንልም፤ ዲኑን ያልተማረ ሰው መጀመሪያ የራሱን ቢያውቅ ይገባዋል። አል-ቢሩኒ ግን የሳንስክሪትን መጻሕፍት ለዓመታት ሲያገላብጡ ሙስሊም ሆነው ነው። መጽሐፋቸውንም የቋጩት እውነት ያልሆነ ነገር ጽፈው እንደሆነ አላህ ይቅር እንዲላቸው በመለመን ነው።

የመጨረሻ ዓመታት

የመሕሙድ ልጅ መስዑድ ሲነግሥ አል-ቢሩኒ ትልቁን የሥነ ፈለክ መጽሐፋቸውን በስሙ አበረከቱ። ሱልጣኑ በዝሆን የተጫነ የብር ሳንቲም ሲልክላቸው አያስፈልገኝም ብለው እንደመለሱት ይነገራል። በእርጅናቸውም ስለ ማዕድናትና ስለ መድኃኒቶች ጻፉ። ሥራዎቻቸው በጠቅላላው ከመቶ ይበልጣሉ፤ አብዛኞቹ ግን ጠፍተዋል።

የሞታቸውን ታሪክ ጸሐፊዎች እንዲህ ይዘግባሉ። በሕመም አልጋ ላይ ሳሉ አንድ ፈቂህ ወዳጃቸው ሊጠይቋቸው መጡ። አል-ቢሩኒ ቀደም ሲል ያነሡትን አንድ የውርስ ሕግ ጥያቄ እንዲያብራሩላቸው ለመኗቸው። ፈቂሁ በዚህ ሁኔታ ላይ ሆነው? ብለው ቢደነቁም፣ ሳያውቁት ከመሞት አውቀው መሞት እንደሚሻላቸው መለሱላቸው። ፈቂሁ አስረዷቸው፤ እርሳቸውም ያዙት። ወዳጃቸው ከቤት ወጥተው ገና መንገድ ላይ ሳሉ የለቅሶ ድምፅ ሰሙ። ዘመኑ በ1050 ገደማ፣ ቦታውም ገዝና ነበር።

የህንዱ መጽሐፋቸው ዐረብኛ ቅጂ በጀርመናዊው ምሁር በኤድዋርድ ዛካው አዘጋጅነት በ1887 ለንደን ላይ ታተመ፤ የእንግሊዝኛ ትርጉሙም በ1888 ወጣ። የዚያን ዘመን ህንድ የሚያጠኑ ሁሉ እስከ ዛሬ ይመለሱበታል።

እኛም በዚህ ሴሚስተር ስለ ክፍል ጓደኞቻችን እምነት አንድ ነገር ከመናገራችን በፊት እነርሱን ራሳቸውን እንጠይቅ፤ መጽሐፋቸውንም አንብበን እንናገር። እነርሱም ስለ እኛ እንዲያደርጉ የምንሻው ይህንኑ ነውና። አላህ ጠቃሚ ዒልምና ፍትሐዊ አንደበት ይስጠን፤ ለአል-ቢሩኒም ይዘንላቸው። ኣሚን።