ኡሙ አይመን፦ ሠርታ የኖረች ሐበሻዊት እናት

ስለ ሴት ልጅ ሥራና መብት በተነሣ ቁጥር አንዳንድ ወንድሞች ጉዳዩን ከውጭ የመጣ ወሬ አድርገው ያዩታል። በሥራ ምክንያት ጂንካ በቆየሁባቸው ሳምንታት ይህን ክርክር ደጋግሜ ሰማሁ። ለመልሱ ሩቅ መሄድ አያስፈልግም፤ የኡሙ አይመንን (ረ.ዐ) ሕይወት ማንሣት ይበቃል።

ስሟ በረካ ቢንት ሠዕለባ ነው። ሐበሻዊት ናት። በነቢዩ ሙሐመድ (ሰ.ዐ.ወ) ወላጆች ቤት በባርነት ታገለግል ነበር። ነቢዩ የስድስት ዓመት ልጅ ሳሉ እናታቸው አሚና በመካና በመዲና መካከል አል-አብዋእ ላይ አረፈች። አባትም እናትም የሌላቸውን ሕፃን ይዛ፣ በረሃውን አቋርጣ፣ መካ ለአያታቸው ለአብዱልሙጦሊብ ያስረከበቻቸው እርሷ ናት። ነቢዩ ኸዲጃን (ረ.ዐ) ሲያገቡ ነፃ አወጧት፤ እንደ እናትም አከበሯት።

ሁለት ጊዜ አግብታ አይመንንና ኡሳማን ወለደች። ሥራዋ ግን በጓዳ አልተወሰነም። በ625 በኡሑድ ጦርነት ለተዋጊዎች ውኃ ታመላልስ፣ ቁስለኞችንም ታክም ነበር። ባሏ ዘይድ በ629 ሙእታ ላይ፣ ልጇ አይመን በ630 ሑነይን ላይ ሸሂድ ሆኑ።

ከሁሉ የሚደንቀኝ የተምር ዛፎቹ ታሪክ ነው። የአነስ (ረ.ዐ) ቤተሰቦች ለነቢዩ የሰጧቸውን ዛፎች ነቢዩ ለኡሙ አይመን ሰጥተዋት ነበር። በኋላ ባለቤቶቹ ይመለስልን ሲሉ እርሷ አልሰጥም አለች፤ በአነስ አንገት ላይ ልብስ ጠምጥማ ተሟገተች። ነቢዩ አልተቆጧትም። ምትኩን እየጨመሩ፣ አሥር እጥፍ ያህል አድርሰው ፈቃዷን አገኙ። የትናንት ባሪያ ስለ ንብረቷ በነቢዩ ፊት ተከራከረች፤ ተሰማችም።

አሁን ወደ ደቡብ ኦሞ እንመለስ። ሐመር ምድር ማሽላውን የምታርመው፣ በድንጋይ የምትፈጨው፣ የደረቀ ወንዝ አሸዋ ቆፍራ ውኃ የምትቀዳው ሴት ናት። በጂንካ የቅዳሜ ገበያ የሚታየው ድስትና ጀበናም የአሪ ሴቶች የእጅ ሥራ ነው። አፈሩን ቆፍረው፣ አቡክተው፣ ተኩሰው፣ ተሸክመው ያመጡታል። ሆኖም እንደ ብዙው የሀገራችን ክፍል፣ ሸክላ ሠሪው ከገበሬው ጋር እንዳይጋባና ማዕድ እንዳይቆርስ የሚያግድ ልማድ ኖሯል። በጀበናዋ ቡና እየጠጡ ሠሪዋን መናቅ ከየትኛው ዲን ተገኘ?

ከነቢዩ ሞት በኋላ አቡበክርና ዑመር (ረ.ዐ) ነቢዩ ያደርጉት እንደነበረው ኡሙ አይመንን ቤቷ ድረስ ሄደው ጠየቋት። ሀገር የሚመሩ ሰዎች በአንዲት ሠራተኛ ሴት ደጃፍ ቆሙ። ውድ አንባቢያን፣ እኛስ ሸክላ ሠሪዋን ለሰርጋችን እንጠራታለን? ልጇንስ ለልጃችን እናጫለን? ኡሙ አይመንን እንወዳለን ካልን መለኪያው ይኸው ነው። ወላሁ አዕለም።